ከሥዕሉ ጀርባ ያለው አገልጋይ
ስለ ፊልምና ስለ ልጆች ፕሮግራም ሙዚቃ



አንድ ጥያቄ ላቅርብላችሁ። ከወደዳችሁት ፊልም የተዋናዮቹን ስም ትጠሩ ይሆናል፤ የዳይሬክተሩንም እንዲሁ። ሙዚቃውን የደረሰውን ሰውስ? የእርሱ ስም የሚመጣው በመጨረሻ፣ መብራት በርቶ ሰው ከመቀመጫው ሲነሣ ነው። በልጆች ፕሮግራም ላይማ ጭራሽ ልብ የሚለው የለም። ልጁ ዜማውን በቃሉ ይዞ ያድጋል፤ የደረሰውን ሰው ግን ሳያውቀው ይኖራል።

ይህ ጽሑፍ ስለዚያ ሰው ሥራ ነው። ጉዳዩ ለእኛ ለቤተ ክርስቲያን ወጣቶች ሩቅ አይደለም። በየኅብረታችን ለገናና ለትንሣኤ ድራማ እናዘጋጃለን፤ በስልካችን አጫጭር ፊልም እንቀርጻለን፤ ለሕፃናት ክፍል መዝሙር እንሠራለን፤ ምስክርነት ሲነገርም ከሥር ኪቦርድ እናሰማለን። ስሙን ሳንጠራው ሙያው ውስጥ ገብተንበታል። ስለዚህ በዚህ ሥራ የቀደሙን ሰዎች ምን እንዳደረጉ መመርመር ይገባናል። የእኔ አቋም ይህ ነው፦ ለሥዕልና ለልጅ የሚደረስ ሙዚቃ የአገልጋይ ሥራ ነው። ስንት ሰው አስለቀሰ ተብሎ አይመዘንም። ለታሪኩ፣ ለተናጋሪውና ለልጁ ምን ያህል ቦታ ለቀቀ ተብሎ ይመዘናል።

መዋስና መድረስ

በመጀመሪያ ሁለት ነገሮችን እንለይ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የኢትዮጵያ ሙዚቃ በዓለም ፊልሞች ውስጥ ተሰምቷል። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ጂም ጃርሙሽ በ2005 ባወጣው «ብሮክን ፍላወርስ» ውስጥ የሙላቱ አስታጥቄን ሙዚቃ ተጠቅሟል፤ ብዙ ወጣት የውጭ አድማጭ ከኢትዮ ጃዝ ጋር የተዋወቀው በዚያ ፊልም ነው። በ2023 በኢየሩሳሌም ያረፉት የእማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ የፒያኖ ሥራዎችም «ታይም» በተባለው የ2020 ዘጋቢ ፊልምና «ፓሲንግ» በተባለው የ2021 ፊልም ውስጥ ገብተዋል። ሁለቱም የሚያኮሩ ናቸው። ነገር ግን እነዚህ ሥራዎች ለፊልሞቹ የተደረሱ አይደሉም። ቀድሞ በሌላ ጊዜ፣ በሌላ ምክንያት ተደርሰው ነበር፤ ዳይሬክተሮቹ አገኟቸው፣ ወደዷቸው፣ ከሥዕላቸው ሥር አኖሯቸው። ይህ መዋስ ነው። መዋስ ነውር የለውም፤ ሆኖም ከመድረስ የተለየ ነው።

በሌላ በኩል ደግሞ የእኛ ታሪክ በሌላ ሰው ጆሮ የተደረሰበት ጊዜ አለ። በ2015 በካን ፊልም ፌስቲቫል ይፋዊ ምርጫ ውስጥ በመግባት የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም የሆነው የያሬድ ዘለቀ «ላምብ»፣ በግ ስለሚወድ አንድ የገጠር ልጅ ይተርካል። ሙዚቃውን የደረሰው ፈረንሳዊው ክሪስቶፍ ሻሶል ነው። ይህን የማነሣው ባዕድን ለመንቀፍ አይደለም፤ ጥሩ ጆሮ ዘር አይመርጥም። የማነሣው አንድ ጥያቄ ስላለኝ ነው። የዚህችን አገር ታሪክ በዚህችው አገር ዜማ ያደገ ሰው ሲደርስለት ምን ይመስላል? ለዚህ ጥያቄ ከማውቃቸው ሥራዎች ሁሉ የተሻለው መልስ «ጤዛ» ነው።

ጆርጋ መስፍንና «ጤዛ»

«ጤዛ» በጎንደር የተወለደውና ለረጅም ዓመታት በዋሽንግተን በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ያስተማረው ኃይሌ ገሪማ በ2008 ያቀረበው ፊልም ነው። በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ድርሰት ሽልማትን አገኘ፤ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ በሚካሄደው ፌስፓኮ የወርቅ ፈረሱን ወሰደ። ሙዚቃውን የደረሱት ሁለት ሰዎች ናቸው፤ ኢትዮጵያዊው ጆርጋ መስፍንና አሜሪካዊው ቪጄይ አይየር። በዚያው በ2008 በቱኒዚያው የካርቴጅ ፌስቲቫልና በዱባይ ሁለቱ ለሙዚቃው ተሸልመዋል።

ጆርጋ ሳክስፎን ተጫዋች ነው፤ መሣሪያውንም በራሱ ጥረት የተማረ ነው። በአሜሪካ በአትላንታ ከተማ «ውዳሴ» የተባለውን ባንድ መሥርቶ የአገራችንን ቅኝቶች ከጃዝ ጋር ሲያገናኝ ቆይቶ፣ በኋላም በአዲስ አበባ ሠርቷል። አይየር ከሕንድ ወደ አሜሪካ ከሄዱ ወላጆች የተወለደ ፒያኒስት ነው። አንዱ ከቤት ወደ ውጭ የወጣ፣ ሌላው በውጭ ተወልዶ የወላጆቹን ቤት በጆሮው የሚፈልግ። ይህ የሁለት ሰዎች ጥምረት እንዲያው የተደረገ አይመስለኝም፤ ፊልሙ ራሱ የሚናገረው ስለዚሁ ነውና።

የፊልሙ ዋና ሰው አንበርብር በጀርመን ሕክምና የተማረ ነው። በደርግ ዘመን ወደ አገሩ ይመለሳል፤ ወዳጁ ተስፋዬ ይገደልበታል፤ ዳግመኛ ወደ ጀርመን ሄዶ በዘረኞች ይደበደብና እግሩን ያጣል። በመጨረሻ በጣና አጠገብ ወዳለችው መንደሩ፣ ወደ እናቱ ቤት ይገባል። የመንደሩ ልጆች ለጦርነት እንዳይታፈሱ በዋሻ ይደበቃሉ። የአንበርብር ትዝታ የተሰባበረ ስለሆነ ፊልሙም ከመንደር ወደ ኮሎኝ፣ ከኮሎኝ ወደ አዲስ አበባ ይዘላል።

እንዲህ ላለ ፊልም ሙዚቃ መድረስ ከባድ ፈተና አለው። ቀላሉ መንገድ ተመልካቹን በእጁ ይዞ መምራት ነው፦ አሁን ፍራ፣ አሁን አልቅስ፣ አሁን ተስፋ አድርግ እያሉ። ብዙዎቹ ተከታታይ ድራማዎቻችን የሚያደርጉት ይህንኑ ነው። ተዋናይቱ ገና አፏን ሳትከፍት ሙዚቃው ቀድሞ ያለቅሳል፤ ወንጀለኛው ገና በሩን ሳይገፋ ሙዚቃው ቀድሞ ያሳብቅበታል። በእኔ ፍርድ የ«ጤዛ» ሙዚቃ ከዚህ የተለየ ነው። ለተመልካቹ አያብራራም፤ ከአንበርብር ጋር አብሮ ያስታውሳል። የሚያስታውስ ሰው ደግሞ አይጮኽም። አንድ ነገር ይነካል፣ ይተወዋል፣ ተመልሶ ይመጣበታል። ሰውየው የሁለት ዓለም ሰው ነው፤ በየትኛውም ሙሉ በሙሉ አልተቀመጠም። ሙዚቃውም እንደዚያው ነው። ከአገር ቤት ዜማ ይነሣል፣ በጃዝ መንገድ ይሄዳል፣ በሁለቱም ቤት እንግዳ ሆኖ ይቆያል። ለሌላ ታሪክ ይህ ጉድለት ሊሆን ይችል ነበር፤ ለአንበርብር ግን እውነቱ ነው።

ይህን በእኔ ቃል ብቻ አትቀበሉት። ፊልሙን ስታገኙት አንድ ክፍል መርጣችሁ ሁለት ጊዜ እዩት። በመጀመሪያው ዙር እንደ ወትሮው ተመልከቱ። በሁለተኛው ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ስሙ፤ ሙዚቃው የት እንደገባ፣ የት እንደወጣ፣ ከሁሉ ይልቅ ደግሞ የት ዝም እንዳለ ልብ በሉ። የደራሲውን ጥበብ የምታገኙት ዝም ባለበት ቦታ ነው።

ነቀፋም አለኝ። ፊልሙ ከሁለት ሰዓት በላይ ይሄዳል፤ በመካከሉም ሰዎቹ ስለ ፖለቲካ ረጅም ንግግር የሚያደርጉባቸው ክፍሎች አሉ። እዚያ ላይ ሙዚቃ ሊረዳ አይችልም፤ ቃሉ ራሱ ቦታውን ሁሉ ይዞታልና። ይህም ለእኛ ትምህርት ነው። ድራማችን ስብከት ብቻ ከሆነ የትኛውም ዜማ አያድነውም።

ለልጅ የሚደረስ

ከፊልም ወደ ልጆች ፕሮግራም ስንመጣ ፈተናው ይጠነክራል፤ ልጅ የተነገረውን ያምናልና። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1964 ሲጀመር ተነሥተው ከአርባ ዓመት በላይ ለልጆች ተረት የነገሩትን አባባ ተስፋዬን፣ ማለትም ተስፋዬ ሣህሉን፣ ወላጆቻችሁ በደንብ ያውቋቸዋል። በ2017 ያረፉት እኚህ አባት ተዋናይም፣ ድምፃዊም፣ የምትሃት ትርኢት አቅራቢም ነበሩ። ሴት ተዋንያን ባልነበሩበት ዘመን በመድረክ ላይ የሴት ገጸ ባሕርይ ሆነው ተጫውተዋል። ሁሉንም ያውቁ ነበርና በልጆች ፊት ሲቀመጡ ያን ሁሉ ችሎታ ማሳየት ይችሉ ነበር። ሰው የሚያስታውሳቸው ግን በዝግታቸው ነው። ልጆቹን በአበባ እየመሰሉ ሰላም ይሏቸዋል፤ ከዚያ ረጋ ብለው ይናገራሉ። ሙያቸው ሙዚቃ መድረስ ብቻ አልነበረም፤ ነገር ግን ለልጅ የሚናገር ሰው ድምፁን እንዴት እንደሚይዝ ከእርሳቸው መማር እንችላለን። በ2006 በብሩክታዊት ጥጋቡና በባለቤቷ አማካይነት የተጀመረው «ፀሐይ መማር ትወዳለች» ደግሞ ይህንኑ መንገድ በአሻንጉሊት ቀጠለው። ፀሐይ የምትባለው ትንሽ ቀጭኔ ከካልሲ የተሠራች ነበረች፤ ልጆች ግን ጠያቂነቷን እንጂ ካልሲውን አላዩም።

ለልጆች ቴሌቪዥን ሙዚቃ ከደረሱት ሁሉ ግን ሕይወቱን ልታጠኑት የሚገባ አንድ ሰው አለ፤ እርሱም ወንጌል አገልጋይ ነበር። አሜሪካዊው ፍሬድ ሮጀርስ በ1951 በሙዚቃ ድርሰት ዲግሪ ተመረቀ። ወደ ቴሌቪዥን ሥራ ገባ፤ ጎን ለጎንም ነገረ መለኮት ተማረ። በ1963 የፕሬስቢቴሪያን ቤተ ክርስቲያን ስትሾመው ምእመናን ያሉበት አጥቢያ አልሰጠችውም፤ በብዙኃን መገናኛ ልጆችንና ቤተሰቦችን እንዲያገለግል ላከችው። ከ1968 እስከ 2001 ድረስ በመላ አሜሪካ በታየው ፕሮግራሙ ውስጥ መዝሙሮቹን የደረሰው እርሱ ራሱ ነው፤ ቁጥራቸውም ወደ ሁለት መቶ ይደርሳል።

ስለ ምን ደረሰ? እዚህ ላይ ነው ትልቅነቱ። ትንሽ ልጅ ሲታጠብ ውኃው በገንዳው ቀዳዳ ሲወርድ አይቶ «እኔም አብሬ እወርድ ይሆን?» ብሎ ይፈራል። አዋቂ ይስቃል፤ ሮጀርስ ግን ለዚያ ፍርሃት መዝሙር ደረሰለት። ልጅ ሲቆጣ ቁጣውን ምን እንደሚያደርገው አያውቅም፤ ለዚያም ደረሰ። በ1969 የአሜሪካ መንግሥት ለሕዝብ ቴሌቪዥን የሚሰጠው 20 ሚሊዮን ዶላር ሊቀነስ ሲል ሮጀርስ በሴኔቱ ፊት ቀረበ። ቁጥርና ሰንጠረዥ አልደረደረም፤ ያንኑ ስለ ቁጣ የደረሰውን መዝሙር ቃል በቃል አነበበላቸው። አስቸጋሪ የነበረው ሰብሳቢ ልቡ ተነካ፤ ገንዘቡም ተፈቀደ። ለልጅ በእውነት የተደረሰ ነገር ለሽማግሌም ይሠራል ማለት ነው።

ከፒያኖው ኋላ የነበረው ጆኒ ኮስታ ደግሞ ታላቅ የጃዝ ተጫዋች ነበር። ለልጆች ነው ብሎ አላቀለለውም፤ ያለውን ጥበብ ሁሉ እዚያው አፈሰሰው። ቀረጻው ሲካሄድ እዚያው ተቀምጦ የሮጀርስን እርምጃ እየተከተለ ይጫወት ነበር። ይህን አስቡት፤ ሰውየው ካልተንቀሳቀሰ ሙዚቃው አይቀድመውም። ሮጀርስ በበኩሉ አንድ ቀን ሰዓት መቁጠሪያ አምጥቶ ልጆቹ አንድ ሙሉ ደቂቃ በዝምታ እንዲቆዩ አደረገ። የቴሌቪዥን ሰዎች ዝምታን ይፈሩታል። እርሱ ግን ዝምታ ልጁ ራሱን የሚሰማበት ቦታ መሆኑን ያውቅ ነበር።

«ሙዚቃ ስሜትን እንዲያነሣሣ አይደለምን?»

ከእናንተ መካከል እንዲህ የሚል ይኖራል፦ «ታዲያ ኪቦርዱን እንተወው? መዝሙረ ዳዊት ራሱ በለቅሶና በእልልታ የተሞላ አይደለም?» ጥያቄው ተገቢ ነው። እኔም ስሜት ክፉ ነው አላልኩም። ጥያቄዬ የትኛው ይቀድማል የሚል ነው። በመዝሙራት ውስጥ ሰውየው መከራውን ይናገራል፣ ከዚያ ያለቅሳል። እኛ ዘንድ ብዙ ጊዜ የሚሆነው ግልባጩ ነው። እህት ምስክርነቷን ልትናገር ማይክሮፎኑን ሳትይዝ በፊት ኪቦርዳችን ላይ «ፓድ» የምንለው ረጅም ድምፅ ተለቅቋል፤ ጉባኤው ዓይኑን ጨፍኗል። ምን እንደምትናገር ሳንሰማ ምን እንደሚሰማን ተወስኗል። ያን ጊዜ ሙዚቃው አገልጋይ መሆኑ ቀርቶ ጌታ ሆኗል። እህታችንም ከድምፁ ጋር የሚመጥን ነገር ለመናገር ትገደዳለች፤ ምስክርነቷ ተራ የሆነ፣ ጸጥ ያለ የእግዚአብሔር ታማኝነት ከሆነ ያነሰ ይመስላታል።

በ1ኛ ሳሙኤል ምዕራፍ 16 ላይ ዳዊት በሳኦል ፊት በገና ይደረድራል። ይህ በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ ለአንድ ሰው ሁኔታ ተብሎ የተጫወተ ሙዚቃ ነው። ዳዊት የትኛውን ዜማ እንደደረደረ አልተጻፈልንም። የተጻፈልን ሳኦል ዕረፍት ማግኘቱ ነው። ዜማው ተረስቷል፣ ሰውየው ግን ተጠቅሟል። የፊልምና የልጆች ሙዚቃ ደራሲ ክብሩ ይኸው ነው።

የእኛ ልጆች በመቀሌ

አሁን ወደ ራሳችን ከተማ እንምጣ፤ ይህን ሁሉ ያነሣሁት ለዚህ ነውና። በሕፃናት ክፍላችን የምታስተምሯቸውን ልጆች እዩ። በ2020 ትምህርት ቤት በኮሮና ምክንያት ተዘጋ፤ ከዚያ ጦርነቱ መጣ፤ በ2022 የፕሪቶሪያ ስምምነት ከተፈረመ በኋላ እንኳ ብዙዎቹ ወደ ክፍል የተመለሱት በ2023 ነው። የትምህርት ቤቶቻችን ክፍሎች የተፈናቃዮች መጠለያ ሆነው አይተናል። በዚህ ውስጥ ያለፈ ልጅ ዛሬ ከፊታችሁ ተቀምጦ ያጨበጭባል። የአውሮፕላን ድምፅ ሲሰማ የሚደነግጥ አለ። አባቱ ያልተመለሰለት አለ። ከዕድሜው በታች ከሆኑ ልጆች ጋር በአንድ ክፍል መቀመጡ የሚያሳፍረው አለ።

ለእነዚህ ልጆች የምንሰጣቸው መዝሙር ምን ይላል? አብዛኛው «ደስ ይበላችሁ» ይላል፤ ዝለሉ፣ አጨብጭቡ፣ ሳቁ ይላል። ደስታ የወንጌል ነው፤ አልከለክልም። ነገር ግን ለፈራ ልጅ የተደረሰ መዝሙር አለን? ለተቆጣ ልጅስ? ለሚጠብቅ ልጅስ? ሮጀርስ ለገንዳው ቀዳዳ ፍርሃት ከደረሰ፣ እኛ ከሰማይ ለሚመጣ ድምፅ ፍርሃት አለመድረሳችን ያሳስበኛል። ልጁ ስለ ፍርሃቱ የሚዘምርበት ቦታ በቤተ ክርስቲያን ካላገኘ፣ እግዚአብሔር የሚቀበለው ሲስቅ ብቻ እንደሆነ አድርጎ ያድጋል። ይህ የዜማ ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ የእምነት ጉዳይ ነው።

ድምፁንም ከሩቅ መዋስ አይኖርብንም። በዙሪያችን ክራር አለ፣ ጭራ ዋጣ አለ፣ ልጅ ገና መሄድ ሳይችል ትከሻውን የሚያነቃንቅበት የከበሮ ምት አለ። ልጆቻችን በቤት ትግርኛ ይናገራሉ፤ ሲፈሩም የሚጮኹት በትግርኛ ነው። ስለ ፍርሃት የሚደረስላቸው መዝሙር በዚያው ቋንቋ ቢሆን ወደ ልባቸው በአጭር መንገድ ይደርሳል። ከኢንተርኔት በነፃ አውርደን በገና ድራማችን ሥር የምናስገባው የባዕድ ቫዮሊን ግን ለማንም ታሪክ የተሠራ ስለሆነ ለእኛ ታሪክ የተሠራ አይደለም። እረኞቹ በቤተ ልሔም ሜዳ ሳሉ የዋሽንት ድምፅ ብቻ ቢሰማ፣ ከዚያም መልአኩ ሲናገር ፍጹም ዝምታ ቢሆን፣ ጉባኤው ቃሉን ይሰማል።

ስለዚህ ለሚቀጥለው ሥራችሁ ሦስት ነገር እለምናችኋለሁ። የመጀመሪያው፣ ድራማውን ወይም ፊልሙን አንድ ጊዜ ያለ ምንም ሙዚቃ አሳዩት፤ ያለ ሙዚቃ የማይቆም ከሆነ ችግሩ ድርሰቱ ላይ ነው፤ እርሱን አርሙ። ሁለተኛው፣ ሙዚቃ በገባበት ቦታ ሁሉ «እዚህ ማንን እያገለገለ ነው?» ብላችሁ ጠይቁ፤ መልሱ «ተጫዋቹን» ከሆነ አውጡት። ሦስተኛው፣ ለሕፃናት ክፍል መዝሙር ከመድረሳችሁ በፊት ከልጆቹ ጋር ተቀመጡና ምን እንደሚያስፈራቸው፣ ምን እንደሚያስቆጣቸው ጠይቋቸው። መልሳቸውን አታርሙ፤ ጻፉት። መዝሙሩ ከዚያ ይወጣል።

ምናልባት ከእናንተ መካከል አንዱ ወይም አንዷ ነገ እዚህ ከተማ ለሚሠራ ፊልም ወይም ለልጆች ፕሮግራም ሙዚቃ ትደርሱ ይሆናል። ስማችሁ በመጨረሻ፣ ሰው ሲነሣ ይመጣል፤ ብዙዎችም አያነቡትም። ያን ጊዜ አትዘኑ። አንድ ልጅ በሌሊት ሲፈራ ዜማችሁን በአፉ ይዞ ከተኛ ሥራችሁ ተሠርቷል።